ብሥራት በንጉሡ ሠ

ማክሰኞ ኅዳር 16 ቀን 2007 ዓ.ም፣ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ከሃያ ላይ፣ እንጅባራ በሚገኘው ፍርድ ቤት በረንዳ ላይ፣ ባለጉዳይ የሚጠራው አበረ የወንድሜን ስም ሁለት ጊዜ ጠራ።

መጀመሪያ «ብሥራት ወገኔ!» አለ። ወንድሜ «አቤት» ብሎ ተነሣ።

«ደግ፣ አንተ ቁጭ በል» አለው አበረ፣ ወረቀቱን ወደ ዐይኑ እያስጠጋ። «አሁን የምጠራው ሌላኛውን ነው። ብስራት ወገኔ!»

«አቤት» አለ ወንድሜ።

«አንተን አይደለም አልኩህ እኮ!»

«ታዲያ ለምን በእኔ ስም ትጠራዋለህ?»

በረንዳው ላይ ቀጠሮ የሚጠብቁት ሰዎች ተያዩ። ብዙዎቹ የመሬት ክርክር ይዘው ከጥርባና ከግምጃ ቤት አካባቢ የመጡ ናቸው፤ በማለዳ ተነሥተው፣ በእግራቸው ተጉዘው፣ እንዲህ ያለ ነገር እናያለን ብለው አልጠበቁም። አንዲት ሴትዮ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አድርገው «ምስኪን፣ ይኼ አስጠሪ ጤናም የለው» አሉ።

አበረ ጤና ነበረው። የታዘዘውን ነው የፈጸመ። እዚያ እንዴት እንደ ደረስን ከእኔ በላይ የሚያውቅ የለም፤ ነገሩን የጀመርኩት እኔ ነኝና።

ነጋ እባላለሁ። ዳንግላ ውስጥ ፍርድ ቤቱ አጥር ሥር ጃንጥላ ተክዬ ማመልከቻ መጻፍ ከጀመርኩ ያኔ ሃያ ሁለት ዓመት ሆኖኝ ነበር። ትምህርት ቤት የገባሁት እስከ ስድስተኛ ክፍል ነው። የቀረውን ከግምጃ ቤት ቄስ፣ ከአሮጌ መዝገብና ከዳኞች ቁጣ ተማርኩ። ድንበር የተገፋበትም፣ ትዳር የፈረሰበትም፣ በሬ የጠፋበትም ከጋሪ እንደ ወረደ ወደ እኔ ነው የሚመጣው። የምኮራበት አንድ ነገር ቢኖር ፊደሌ ነው። ሌላው ጸሐፊ «ንጉስ» ብሎ ሲጽፍ ሳይ ጥርሱን እንደ ታመመ ሰው ፊቴን እቋጥራለሁ። ንጉሥ የራሱ ሠ አለው፣ እሳትም የራሱ ሰ አለው። ድምፃቸው አንድ ነው፤ ቦታቸው ግን የተለያየ ነው። ይህን ለማስረዳት ስንቱን ባለጉዳይ ከነጭንቀቱ እንዳስቆምኩት እግዜር ያውቀዋል።

ብሥራት በዐሥራ አራት ዓመት የምበልጠው ወንድሜ ነው። አባታችን ሲሞት አራት ዓመቱ ነበር፤ ያሳደግሁት እኔ ነኝ። የተወለደው ታኅሣሥ 22 ቀን፣ በብሥራተ ገብርኤል ዕለት ስለ ሆነ ስሙ የሚጻፈው በንጉሡ ሠ ነው። እናታችን ሙሉነሽ ከግምጃ ቤት ሳትወጣ ያረጀች፣ ከአማርኛው አገውኛው የሚቀናት ሴት ናት። ልጇን ስትጠራ ፊደል አያስፈልጋትም። ፊደሉ የሚያስጨንቀው እኔን ነበር።

ልጁ ጎበዝ ሆነ። ከዐባይ ማዶ ካለ ዩኒቨርሲቲ በአፈር ሳይንስ ሁለተኛ ዲግሪውን ይዞ መጣ። አፈር ለምን እንደሚኮመጥጥ፣ ድንች ለምን እንደሚቀጭጭ ሲናገር ገበሬ ሁሉ ከቦ ይሰማዋል፤ በአማርኛ ጀምሮ በአገውኛ ይጨርሰዋል። ዲግሪውን ጃንጥላዬ ሥር ዘርግቶ ሲያሳየኝ ሌላ ሰው ቢሆን አቅፎ ይስመው ነበር። እኔ መጀመሪያ ያየሁት ፊደሉን ነው።

«ተሳስተዋል!» አልኩት። «ብስራት ብለው በእሳቱ ጻፉህ።»

ሣቀ። «አያ፣ ስድስት ዓመት ተምሬ ያየህልኝ አንዲት ፊደል ናት?»

«ሂድና አስተካክል።»

«አልሄድም። እኔም ያው ነኝ፣ አፈሩም ያው አፈር ነው።»

እሱ እምቢ ሲለኝ እኔ ቀበሌ ሄድኩ። መታወቂያውም ላይ በእሳቱ ሰ ተጽፎ ነበር። መዝገብ ቤት የምትሠራውን የሻረግን ቁማ ሌላ ሰው ስታስተናግድ ጠብቄ፣ ስለ ግእዝ ግማሽ ሰዓት ሰበክኋት። ልጅቱ መሯት መታወቂያውን ቀደደችና በንጉሡ አድርጋ አዲስ ጻፈችልኝ። ኩራቴን መቻል አቅቶኝ መንገድ ላይ ሁለት ጊዜ አውጥቼ አየሁት። እንግዲህ ልብ በሉ፤ እስከዚያች ቀን ድረስ ሁለቱ ወረቀቶች ይስማሙ ነበር።

በሐምሌ 2006 አንድ ዩኒቨርሲቲ ዳንግላ ላይ ቅርንጫፍ ሊከፍት ማስታወቂያ አወጣ። ስሙን አልጽፍም፤ ማኅተሙ ትልቅ ነው ብዬ ልለፈው። «የአፈር ሳይንስ መምህር፣ ብዛት 1» ይላል። ወንድሜ ማስታወቂያውን ደጋግሞ አነበበው። ከቤቱ ሳይርቅ፣ እናቱን እየጦረ፣ የሚወደውን ሊያስተምር ነው። ሌላ የሚፈልገው ነገር አልነበረም። ከማስታወቂያው ግርጌ በደቃቅ ፊደል «በትምህርት ማስረጃና በመታወቂያ ላይ ያለው ስም አንድ ዓይነት ያልሆነ አመልካች ተቀባይነት የለውም» የሚል ነበረበት። ሁለታችንም አነበብነው። ሁለታችንም ስለ ሌላ ሰው የተጻፈ መሰለን።

ያመለከቱት ሁለት ሰዎች ናቸው። ለፈተና ያለፈው ሀብቱ የሚባል በእንስሳት እርባታ የተመረቀ ልጅ ነው፤ «ተዛማጅ የትምህርት ዝግጅት» ተባለለት። ላም አፈር ላይ ስለምትቆም ይሆናል። ከወንድሜ ስም ትይዩ «ያላለፈበት ምክንያት፦ የማስረጃው ባለቤት ባለመሆኑ» ተብሎ ተጽፏል።

ተያይዘን ቢሮ ገባን። የሰው ኃይል ኃላፊው አሳምነው ይባላል፤ ትሑት ሰው ነው፣ ተነሥቶ ነው የሚያናግረው።

«ይኼ ዲግሪ የማን ነው?» አለ።

«የእኔ ነው» አለ ወንድሜ።

«ያንተ ስም ብሥራት ነው። ዲግሪው የብስራት ነው።»

«ጌታዬ፣ አሁን ሁለቱንም አንድ አድርገው ነው የጠሩት።»

«አነጋገሩን ተወው ወንድሜ፤ እኔ የማወራህ አጻጻፉን ነው። ይኼኛው ንጉሡ ነው፣ ያኛው እሳቱ ነው። በሕግ ፊት ሁለት ስም ነው።»

እውነቱን ልናገር፦ በዚያች ቅጽበት ደስ አለኝ። ዳንግላ ውስጥ እነዚህን ሁለት ፊደላት የሚለይ ሰው አገኘሁ ብዬ ወንድሜን ረሳሁት። ስንወጣ በሩ ላይ የተለጠፈውን አየሁ። «የሠው ሐብት አሥተዳደር» ይላል። ሦስት ቃል፣ ሦስት ስሕተት።

ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው በመስከረም «ቅሬታውን መርምረን ቅሬታ መሆኑን አረጋግጠናል» የሚል ደብዳቤ ሰጠን። ከዚያ ወዲያ የሚቀረው እንጅባራ ሄዶ መክሰስ ነበር። ክሱን የጻፍኩት እኔ ነኝ፤ ሰባት ገጽ፣ አንድ ስርዝ ድልዝ የሌለበት።

የዩኒቨርሲቲው የሕግ ክፍል ኃላፊ ስሙ ስማቸው ነው። እኔ አላወጣሁለትም። መቃወሚያውን ሳነብ ግን ሙያዬ ለሙያው እጅ ነሣ፦ «ክስ ያቀረቡት በንጉሡ ሠ የሚጻፉት አቶ ብሥራት ናቸው። ከውድድሩ የተሰረዘው ማስረጃ ግን በእሳቱ ሰ የሚጻፉት የአቶ ብስራት ነው። ስለዚህ ከሳሹ በጉዳዩ ላይ መብትም ጥቅምም የላቸውም።» በአጭሩ፣ ወንድሜ ሰው ተበድሏል ማለት ይችላል፣ የተበደለው ግን እሱ አይደለም።

ዳኛዋ ቀጭን፣ ድምፃቸው ዝቅ ያለ ሴት ናቸው። መቃወሚያውን ሁለት ጊዜ አነበቡትና «ታዲያ ሌላው ሰው የት ይገኛል?» ብለው ጠየቁ።

«አድራሻቸውን አናውቅም፣ ክብርት ዳኛ» አለ ስማቸው።

«እንግዲያው ይጠሩና የሚሉትን እንስማቸው።» ዳኛዋ ፊታቸው ላይ አንዲት መስመር አልተንቀሳቀሰችም።

መጥሪያ ወጣ። ፖስታው ለቀበሌው ደረሰ፤ ቀበሌው ለወንድሜ ሰጠው። መጥሪያውን ተቀብሎ ፈረመ። ኅዳር 16 ቀን አበረ ሁለቱንም ስም ይዞ በረንዳ ላይ የቆመው በዚህ ምክንያት ነው።

ችሎት ስንገባ ዳኛዋ «ተጠሪዎቹ ሁለቱም ቀርበዋል?» አሉት።

«ቀርበዋል፣ ክብርት ዳኛ» አለ አበረ። «የመጡት ግን ባንድ ሰው ነው።»

ስማቸው ብድግ አለ። «ጥሪው ሥርዓቱን አልጠበቀም። የሁለቱ ስሞች ልዩነት እንዲታወቅ ሆኖ አልተጠራም።»

«እርስዎ ጠርተው ያሳዩን» አሉ ዳኛዋ።

ስማቸው ኮቱን ቆለፈ። መጀመሪያ ምላሱን ከጥርሱ አጣብቆ፣ ዘይት ሲጠበስ እንደሚሰማው አድርጎ «ብስስስራት!» አለ። ወንድሜ «አቤት» አለ። ቀጥሎ አንገቱን ቀና፣ ደረቱን ነፋ አድርጎ፣ ንጉሥ እንደሚጠራ «ብሥ-ራት!» አለ። ወንድሜ «አቤት፣ ጌታዬ» አለ። ችሎቱ በሣቅ ፈረሰ። ከጥርባ የመጣ አንድ ሽማግሌ ሣቁን መቆጣጠር አቅቶት አበረ ደግፎ አስወጣው። የሣቀው ሰው ሁሉ በኋላ እየመጣ ወንድሜን ጨበጠው። እኔም ሣቅሁ። እስካሁን ያንን ሣቅ እሰማዋለሁ።

ጸጥታ ሲሰፍን ዳኛዋ መታወቂያውን አነሡ። «ይህ በ2005 ዓ.ም የተለወጠ ነው። ከዚያ በፊት የነበረው በየትኛው ነበር?»

ወንድሜ ወደ እኔ አልዞረም። አሳልፎ አይሰጠኝም። ከኋላ ወንበር ተነሣሁ።

«በእሳቱ ነበር፣ ክብርት ዳኛ።»

«ማን አስለወጠው?»

«እኔ።»

«ለምን?»

«ስሕተት ስለ ነበር።»

«ሳይለወጥ ቢቀር ኖሮ ይህ ክስ ይኖር ነበር?»

 ሃያ ሁለት ዓመት ለሰው መልስ ስጽፍ ኖሬ ያን ቀን የራሴን አጣሁ። ዳኛዋም አላስጨነቁኝም፤ «ይቀመጡ» አሉኝ።

በታኅሣሥ ተፈረደልን። ዲግሪውና መታወቂያው የአንድ ሰው ናቸው፣ ከሳሹ ይፈተን። የፍርዱ ግልባጭ የመጀመሪያው ገጽ «ብሥራት»፣ የመጨረሻው ገጽ «ብስራት» ይላል፤ አይቼ አላየሁም አልኩ። በጥር ተፈተነ። የማስተማር ፈተናው ላይ ከግምጃ ቤት ቀይ አፈር በፌስታል ይዞ ገብቶ ጠረጴዛቸው ላይ አፈሰሰው። ፈታኞቹ ወረቀታቸውን እያራገፉ አንደኛ አወጡት።

የቅጥር ደብዳቤው ደረሰን። እስከ መጋቢት 1 ቀን ሪፖርት ያድርጉ ይላል። ከሥሩ ደግሞ «የአንድ ሰው መሆናቸው በፍርድ የተረጋገጠ ቢሆንም፣ ለፋይል አያያዝ አመቺነት ሲባል ከሁለቱ ማስረጃዎች አንዱን አስተካክለው እንዲቀርቡ» የሚል ተጨምሯል።

ብሥራት ደብዳቤውን ጃንጥላዬ ሥር አንብቦ ተነሣ። «በቃ፣ አሁኑኑ ቀበሌ ሄጄ መታወቂያውን በእሳቱ አስጽፋለሁ። የሻረግ ግማሽ ሰዓትም አይፈጅባት።»

«አታደርገውም» አልኩት።

«አያ፣ በእናትህ።»

«ትክክለኛውን ትተህ በስሕተት ታስጽፋለህ? ልትሥቅብኝ ነው? የተሳሳቱት እነሱ ናቸው፤ ሂድና እነሱ ያስተካክሉ። መምህር ልትሆን ነው እኮ! የራሱን ስም የማይጽፍ መምህር!»

«ሁለት ቀን መንገድ ነው።»

«ሁለት ቀን ምን አላት?»

ፊቴን ትንሽ አየውና ሣቀ። ከልጅነቱ ጀምሮ ስቆጣ የሚሥቀው ሣቅ ነው። «እሺ፣ ንጉሡ» አለኝ። «ላንተ ስል።»

የካቲት 17 ቀን ማለዳ በሚኒባስ ሄደ። ዲግሪውን የሰጠው ዩኒቨርሲቲ የተስተካከለው ከሁለት ወር በኋላ ይደርሳል ብሎ መለሰው። ሐሙስ የካቲት 19 ቀን፣ ሲመለስ፣ ሚኒባሱ ዐባይ በረሃ ላይ ተገለበጠ። ከአምስቱ ሟቾች አንዱ እሱ ነበር። ትራፊክ ፖሊሱ ስሙን የወሰደው ቦርሳው ውስጥ ካገኘው ከአሮጌው ዲግሪ ነው። ቀበሌው የሞት ማስረጃውን የጻፈው ከፖሊሱ ሪፖርት ነው። የሞተው ብስራት ነው፣ በእሳቱ ሰ።

ስለ ለቅሶው አልጽፍም። ሀብቱም መጥቶ ሦስት ቀን ተቀመጠ፤ ውኃ ሲቀዳም አየሁት።

መጋቢት አጋማሽ ላይ ቅርንጫፉ ግቢ ሰሌዳ ላይ ማስታወቂያ ተለጠፈ። «አቶ ብሥራት ወገኔ ከተቀጠሩበት ዕለት ጀምሮ በሥራ ገበታቸው ላይ ያልተገኙ ስለ ሆነ፣ በዐሥር ቀን ውስጥ ቀርበው ሪፖርት እንዲያደርጉ፤ ካላደረጉ ሥራቸውን በራሳቸው ፈቃድ እንደ ለቀቁ ይቆጠራል።» በንጉሡ ሠ፣ በጥሩ ቀለም፣ አንድ ግድፈት የለበትም።

የሞት ማስረጃውን ይዤ ሄድኩ። አሳምነው ተነሥቶ ጨበጠኝ፣ «ነፍስ ይማር፣ እግዚአብሔር ያጽናዎት» አለኝ። ወረቀቱን አነበበ። እንደገና አነበበ። ፊቱ ሲለወጥ አየሁና ምን ሊል እንደሆነ ቀድሜ ዐወቅሁ።

«ጋሽ ነጋ፣ ይኼ እኮ የብስራት ነው።»

«ፍርድ ቤት አንድ ሰው ናቸው ብሏል።»

ስማቸው ተጠርቶ መጣ። ባርኔጣውን አውልቆ ሐዘኑን ከገለጸ በኋላ ፍርዱን ከፋይሉ አወጣ። «ፍርዱ የሚለው ዲግሪውና መታወቂያው የአንድ ሰው ናቸው ነው። ስለ ሞት ማስረጃው የሚለው ነገር የለም። እኛ የቀጠርነው በንጉሡ ሠ ያለውን ነው፤ እሳቸው መሞታቸውን የሚገልጽ ነገር እጃችን ላይ የለም።»

«ታዲያ በሕይወት አለ ነው የምትሉኝ?»

«አለ አላልንም። ሪፖርት አላደረገም ነው ያልነው። የሞት ማስረጃውን አስተካክለው ይምጡ፣ ማስታወቂያውን በዕለቱ እናነሣለን።»

ቀበሌ ሄድኩ። የሻረግ ገና ስታየኝ ዐይኗ ዕንባ ሞላ። ወረቀቱን ተቀብላ ፊደሉን አየች፣ እኔን አየች። «ጋሽ ነጋ፣ ልቅደደውና በንጉሡ ልጻፍልዎት?»

ብሥራት ሞተ ብላ በትክክለኛው ፊደል ልትጽፍልኝ ነው። ያን ወረቀት ማየት እንደማልችል ያኔ ገባኝ።

«ተዪው» አልኳት።

ከሳምንት በኋላ እናታችን ከግምጃ ቤት ብቻዋን መጣች። ገበያ ላይ አንዱ «የልጅሽ ስም ዳንግላ ላይ ተለጥፏል» ብሏት ኖሯል። ምን ተብሎ እንደ ተለጠፈ አልጠየቀችም። ጋሪ ይዘን ግቢው ደረስን። ሰሌዳው ፊት ቆማ «የቱ ነው?» አለችኝ። በጣቴ አሳየኋት። ነጠላዋን ጫፍ አንሥታ ስሙ ላይ ያረፈውን አቧራ ጠረገች። ከዚያ በአገውኛ ጠራችው፤ አንድ ጊዜ ብቻ፣ ከደጅ ሆና ለምሳ እንደምትጠራው አድርጋ። ዘበኛው ወደ ግቢው ዞር ብሎ ተመለከተ፣ የሚመጣ ሰው ያለ መስሎት።

ዐሥሩ ቀን አለፈ። ብሥራት ሥራውን በራሱ ፈቃድ እንደ ለቀቀ ተቆጠረ። ቦታው ለተጠባባቂው ለሀብቱ ተሰጠ።

በሐምሌ ሀብቱ የቤት ኪራይ ውል ሊያስጽፍ ጃንጥላዬ ሥር መጣ። ማንነቱን ለመመዝገብ ወረቀቶቹን ተቀበልኩት። መታወቂያው «ሀብቱ» ይላል፣ በሃሌታው ሀ። ዲግሪው «ሐብቱ» ይላል፣ በሐመሩ ሐ። ሁለቱን ጎን ለጎን አድርጌ ብዙ አየኋቸው።

«መምህር፣ ስምህን በየትኛው ልጻፍ?» አልኩት።

«እንደ መጣልህ ጻፈው፣ ጋሽ ነጋ» አለኝ። «ያው አይደለም እንዴ?»

እንደ መጣልኝ ጻፍኩለት። ሀብቱ እስካሁን እዚያው የአፈር ሳይንስ ያስተምራል።